ድሩን ማን ቆረጠው?

ሸማኔዋን የሚያውቋት ሰዎች ሲያገኟት መጀመሪያ የሚሏት አንድ ነገር ነው፤ «እስቲ አረፍ በይ!» ከመባል ብዛት ቃሉ ስሟ ሆኖ ቀረ። ምድር ቤት ያለው ቁልፍ ቀራጭ እንኳ ደንበኛ ሲጠይቀው «አረፍ-በይ? ፎቅ ላይ ናት፣ ኮቴዋ አይሰማህም?» ነው መልሱ። እሷ በቅጽል ስሟ ተቀይማ አታውቅም። ለመቀየምም እኮ ቁጭ ብሎ ማሰብ ያስፈልጋል።

የምትበላው ቆማ ነው። ስልክ የምታወራው ከመስኮት በር፣ ከበር መስኮት እየተመላለሰች ነው። ቁጭ የምትለው ሸማ መሥሪያዋ ላይ ብቻ ሲሆን፣ እዚያም ሁለት እግሯ መርገጫው፣ ሁለት እጇ መወርወሪያው ላይ ስለሆነ ቁጭ አለች ብሎ አፍ ሞልቶ ለመናገር ያስቸግራል። ሰው ተፈጥሮዋ ይመስለዋል። ተፈጥሮዋ አልነበረም። እስከ ሃያ አራት ዓመቷ ድረስ እንደማንኛውም ሰው ቁጭ ብላ ሻይ ትጠጣ ነበር።

የእሷና የታናሽ እህቷ አባት ስመ ጥር ሸማኔ ነበሩ። የመጨረሻ ሥራቸው ጥለቱ ብቻ አምስት ወር የፈጀ ሰፊ ጨርቅ ነበር። ታዲያ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ የዚያ ጨርቅ ድር ከዳር እስከ ዳር በመቀስ ተቆርጦ ተገኘ። ማግ ቢበጠስ ይቀጠላል፣ ጨርቅ ቢቀደድ ይጣፋል፤ ተወጥሮ ያለ ድር ከተቆረጠ ግን ያ ሥራ አበቃለት። ሸማኔ ቤት ያደገ ሕፃን እንኳ መቀስ ይዞ ወደ ድር አይጠጋም። በዕለቱ ከሁሉም መጨረሻ ከቤት የወጣችው ታላቅየዋ ነበረች፤ መጀመሪያ የተመለሰችው ደግሞ ታናሽየዋ። አባት ጓዳ ተኝተው እንደነበር ተናገሩ። አልጮኹም፣ አልተራገሙም። «ከሁለታችሁ አንዳችሁ ናችሁ» ብለው ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዞሩ፤ ከሦስት ወር በኋላም ስለ ነገሩ ሌላ ቃል ሳይተነፍሱ ሞቱ።

ሸማኔዋ እሷ እንዳልሆነች ታውቃለች። ሒሳቡ እንግዲህ ቀላል ነው፤ እሷ ካልሆነች እህቷ ናት።

ይህን ሒሳብ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ሆዷ ውስጥ ይዛ ዞረች። እህቷ አግብታ ሄደች፤ ባሏ ሲሞትባት ተመልሳ መጣች፤ ይኸው ስድስት ዓመት ባለ ሁለት ክፍል የአባታቸው ቤት ውስጥ አብረው ይኖራሉ። አንዷ ትሸምናለች፤ አንዷ ክር ታጠነጥናለች፣ የጨርቁን ጠርዝ ትቋጫለች። ተጣልተው አያውቁም። ብቻ ሸማኔዋ ከቤት ስትወጣ ምስማሩ ላይ የሚንጠለጠለውን መቀስ አንስታ ቦርሳዋ ውስጥ ትከታለች። ለምን እንደምታደርገው ለራሷም ተናግራ አታውቅም፤ እጇ ለምዶታል። እሷ በሌለች ጊዜ ታናሽየዋ ክር የምትበጥሰው በጥርሷ ነው።

ታናሽየዋ ረጋ ያለች ናት፤ ብርጭቆ ስታስቀምጥ እንኳ ድምፅ አታሰማም። ይህ እርጋታዋ ታላቅየዋን አንዳንድ ቀን ያሳብዳታል። ጥፋት ያለበት ሰው እንዴት እንዲህ ተረጋግቶ ይተኛል? ብጠይቃት ትክዳለች፤ ብትክድ አላምናትም፤ ብትናዘዝ ደግሞ ምን ላደርጋት ነው? ስለዚህ አትጠይቅም፤ በምትኩ ከመስኮት በር፣ ከበር መስኮት ትመላለሳለች።

ማክሰኞ ጠዋት መጽሐፍ ጠራዡ መጣ። ጉልበቱን እየረገመ ደረጃውን ወጥቶ፣ ከብብቱ በጋዜጣ የተጠቀለለ ነገር አወጣ። ሃምሳዎቹን ያጋመሰ፣ ጣቶቹ ሁልጊዜ ሙጫ ሙጫ የሚሸቱ፣ ወሬ የሚወድ ሰው ነው። የያዘው የብራና መጽሐፍ ነበር፤ ከክንድ አነስ የሚል፣ ዳር ዳሩን አይጥ የቀመሰው። ስፌቱን ጠግኖ ጨርሷል፤ የቀረው የጨርቅ ልብስ ነው፤ ባለቤቱ ደግሞ በእጅ ከተሸመነ በቀር ሌላ ጨርቅ እንዳይነካው ብሏል። ለመለካት እሷ ዘንድ ይቆይ፣ ቅዳሜ መጥቶ ይወስደዋል። ውስጡ ምን እንደሆነ ስትጠይቀው ደረቱን ነፋ፤ የዜማ መጽሐፍ ነው አላት፤ ምልክቶቹ እንዴት እንደሚዜሙ ሁለት ሳምንት አጥንቷል። አዜመላት። የታመመ ድመት ይመስል ነበር። አመስግና ሸኘችው።

በሩን ዘግታ መጽሐፉን ገለጠች። ገጹ ሁሉ በጥቁር ነጥብና በቀይ ሰረዝ የተሞላ ነው፤ አራት ረድፍ፣ ከዚያ ክፍት ቦታ፣ እንደገና አራት ረድፍ። ሁለተኛውን ገጽ ሳትጨርስ እግሯ ወለሉን መርገጥ ጀመረ፤ ግራ፣ ቀኝ፣ ሁለቴ ግራ። ዜማ አልነበረም። አራቱ ረድፍ አራት መርገጫ ነው፤ ጥቁሩ የሚረገጠው፣ ቀዩ መወርወሪያው የሚመለስበት። ጠራዡ ሁለት ሳምንት ሙሉ የሸማ አሠራር ሲያዜም ከርሟል።

በኅዳጉ ላይ በደቃቅ ጽሕፈት እንዲህ የሚል ነበረ። «ድር ቀን ነው፤ ማግ ድምፅ ነው። በቤት ውስጥ የተሰማ ድምፅ አይሞትም፤ የሚይዘው ክር እስኪያገኝ ከግድግዳ ግድግዳ ይዞራል። የምትሻውን ነገር እያሰብህ በዚህ ሥርዓት ርገጥ፤ ክሩ ያንኑ ነገር ይይዝልሃል። የጨርቁ ፊት ያለፈውን ያሰማል፤ ጀርባው የሚመጣውን። ድሩ ተወጥሮ ሳለ ይናገራል፤ ሲላላ ለዘላለም ዝም ይላል።»

ሦስት ጊዜ አነበበችው። መጀመሪያ ሳቀች። ቀጥሎ ክፍሉን ሁለቴ ዞረች። ከዚያ ቆማ ግድግዳውን አየችው። ያ ድር የተቆረጠው እዚሁ ክፍል፣ ይኸው መስኮት አጠገብ፣ በዚሁ ሸማ መሥሪያ ላይ ነው። ግድግዳው ሁለት ጊዜ ቀለም ተቀብቷል እንጂ ያው ግድግዳ ነው።

የሚመጣው ጉዳይዋ አልነበረም። የሚመጣ ነገር ጠሪ አያሻውም፣ ራሱ ይመጣል። እሷ የምትፈልገው ያለፈውን ነው፤ ማለትም ፊቱን። የጨርቅ ፊት የቱ እንደሆነ ደግሞ ለሸማኔ አይነገራትም።

ረቡዕ ማለዳ ጀመረች። ሸማ መሥሪያው ላይ የተወጠረው ነጭ ድር የደንበኛ ነበር፤ ደንበኛው ይጠብቃል ብላ ጨከነች። መጽሐፉን ፊት ለፊቷ አቁማ፣ ያን ከሰዓት በኋላ እያሰበች፣ የተቆረጠውን ድር እያሰበች ረገጠች። የመጀመሪያዎቹ ምቶች እንደ ወትሮው ክፍሉን አንቀጠቀጡት። አንድ ጣት ያህል ከሠራች በኋላ ግን ምቱ ከግድግዳው መመለስ ተወ። መምቻውን ስባ ትመታለች፤ ድምፁ ጨርቁ ውስጥ ገብቶ ይቀራል። ከታች የቁልፍ ቀራጩ ማሽን ጩኸት በግማሽ ቀነሰ። የመንገዱም እንደዚሁ። እህቷ የተጠነጠነ ክር ልታቀብላት ስትገባ በመስኮት ወደ ውጭ አየች፤ ሰፈሩ ዛሬ ምን ሆኗል፣ ሰው ሁሉ ተኳርፏል እንዴ ስትል ጠየቀች። ሸማኔዋ የእህቷን ዓይን ላለማየት አንገቷን ደፍታ መርገጧን ቀጠለች።

ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ጨርቁ አንድ ስንዝር ሞላ። እህቷ ክር ልትገዛ ወጣች። ሸማኔዋ የእግሯ ኮቴ እስኪርቅ ጠብቃ መወርወሪያውን አስቀመጠች፤ ጎንበስ ብላ ጆሮዋን በተወጠረው ጨርቅ ላይ ጣለች።

መጀመሪያ የሚሰማት የራሷ ልብ ብቻ ነበር። ቀጥሎ ነጠላ ጫማ፣ ፈጠን ፈጠን እያለ ወለሉን ሲመታ። ብረት ከምስማር ሲነሳ። የሰው ትንፋሽ፣ እልህ የያዘው። ከዚያ መቀሱ። የተወጠረ ድር ሲቆረጥ አንድ ድምፅ ብቻ የለውም፤ ክሮቹ በየተራ ይጮኻሉ፤ ያንን የሰማ ሸማኔ ጥርሱ ሳይፋጭ አይቀርም። ሲያበቃ ሴት ተናገረች። «አዎ፣ እኔ ነኝ የቆረጥኩት።» የእህቷ ድምፅ ነው፣ ጥርጥር የለውም። ትንሽ ወፈር ብሏል፤ የሃያ ዓመት ልጅ ድምፅ አይመስልም። በክር ውስጥ ሲያልፍ ይሆናል የወፈረው ብላ ተወችው።

ቀና አለች። ደስ ሊላት በተገባ፤ ይኸው ሒሳቧ ልክ ወጣ። ደስ ግን አላላትም። እህቷ ክሩን ገዝታ ስትመለስ ሁለት ብርቱካንም ይዛ መጣች፤ አንዱን ልጣ ሰጠቻት። ሸማኔዋ ብርቱካኑን እንደያዘች ቤቱን አሥር ጊዜ ዞረችበት፤ በመጨረሻ ሳትበላው መስኮቱ ላይ አስቀመጠችው።

ዓርብ ጠዋት ባሰባት። ጓዳ ትገባለች፣ ምን ልትወስድ እንደገባች ይጠፋታል፣ ባዶ እጇን ትወጣለች፣ ትመለሳለች። ሸማ መሥሪያው ላይ ወጥታ ሳትረግጥ ትወርዳለች። መስኮት ትከፍታለች፣ ትዘጋለች። ቁልፍ ቀራጩ ከታች ጣሪያውን በመጥረጊያ እንጨት ሁለቴ መታ፤ ሰልፍ ከሆነ ይነገረኝና ልቀላቀል ብሎ ጮኸ። ታናሽየዋ ሳቀች። ያ ሳቅ ነው ነገሩን ያፈነዳው። እንዴት ትስቃለች?

«ሰማሁት» አለች ሸማኔዋ።

«ምኑን፣ እትዬ?»

«መቀሱን። ድምፅሽን። የአባባን ድር ስትቆርጪ።»

ከዚያ ሁሉንም ዘረገፈችው፤ መጽሐፉን፣ ኅዳጉን፣ ፊቱንና ጀርባውን፣ ነጠላ ጫማውን፣ የተናገረችውን ቃል። ታናሽየዋ አላቋረጠቻትም። የምትቋጨውን ጠርዝ ጭኗ ላይ አስቀምጣ አዳመጠች፤ ሲያልቅ አንድ ጥያቄ ብቻ ጠየቀች።

«‹እኔ ነኝ የቆረጥኩት› ያልኩት ለማን ነው? ቤት ውስጥ ማን ነበረ?»

ጥያቄው ተገቢ ነበር። ተገቢ መሆኑ ሸማኔዋም ገብቷታል፤ ግን አሥራ ዘጠኝ ዓመት የተሸከሙትን ነገር በአንድ ጥያቄ ማውረድ ይከብዳል። «ለራስሽ ነዋ» አለች። «አትካጂ፣ በጆሮዬ ነው የሰማሁት።»

የታናሽየዋ ከንፈር ነጣ። አይደለሁም አለች፣ በለሆሳስ። ቆይታ ደገመችው። በሁለተኛው ላይ ታላቅየዋ አላምንም በሚል ራሷን ነቀነቀች። ታናሽየዋ በዚህ ጊዜ ከመቀመጫዋ ተነሳች፤ ነጠላ ጫማዋ ወለሉን እየመታ፣ ፈጠን ፈጠን እያለች ወደ ሥራው ክፍል ሄደች። ሸማኔዋ ተከተለቻት። ደፉ ላይ ስትደርስ መቀሱ ከምስማሩ ሲነሳ ሰማች። ይህን ድምፅ ታውቀዋለች። ቀጥሎ የሚመጣውንም ታውቀዋለች። ተይ ልትል አፏን ከፈተች።

ክሮቹ በየተራ ጮኹ።

«አዎ፣ እኔ ነኝ የቆረጥኩት» አለች ታናሽየዋ። መቀሱን አግዳሚው ላይ ጣለችው። «ይኸው፣ አየሽኝ። አሁን ዕረፊ። ስትወጪ መቀሱን ቦርሳሽ ውስጥ እንደምትከቺ የማላውቅ መስሎሽ ነው? ስድስት ዓመት በጥርሴ ነው ክር የምበጥሰው።» ዓይኗ እንባ ሞልቷል፤ ድምጿ ግን አልተንቀጠቀጠም። «እኔም እኮ አንቺ ነሽ ብዬ ነው የኖርኩት። መጨረሻ የወጣሽው አንቺ ነበርሽ። ግን እህቴ ናት አልኩ፣ ተውኩት። አንድ ቀን እንኳ በክፉ ዓይን አይቼሻለሁ?»

አላየቻትም። ሸማኔዋ ስድስቱን ዓመት ብትፈትሽ አንድም እንዲህ ያለ ቀን አላገኘችም። ታናሽየዋ መልስ አልጠበቀችም፤ ጓዳ ገብታ ልብሷን ቦርሳ ውስጥ መክተት ጀመረች።

ሸማኔዋ በተቆረጠው ድር ፊት ቆማ ቀረች። የሠራችው ስንዝር ጨርቅ ከመጠቅለያው እንጨት ላይ ተገልብጦ ተንጠልጥሏል። ጨርቅ ከሸማ መሥሪያው እስኪወርድ ድረስ ከሥር በኩል አይታይም፤ ማየትም አያስፈልግም፤ ፊቱ ከላይ ነው። አባቷ እንዲያ አስተምረዋታል። ሩቅ ቦታ ጥለቱን ወደ ታች አድርገው የሚሸምኑ ሰዎች እንዳሉ፣ ለእግር እንደሚቀል ሰምታ ነበር፤ ስትሰማም ስቃባቸዋለች። አሁን በተገለበጠው በኩል ጥለቱ ጥርት ብሎ፣ እያንዳንዱ ክር ቦታውን ይዞ ይታያል። መጽሐፉን የጻፈው ሰው ወደ ታች ከሚሸምኑት ነበር። እሷ ጆሮዋን የጣለችው ጀርባው ላይ ነው። ጠራዡ ቢሆን ኖሮ አላውቅም ብሎ በሁለቱም በኩል ያዳምጠው ነበር፤ እሷ ግን ሸማኔ ስለሆነች ፊቱ የቱ ነው ብላ አልጠየቀችም። የሰማችው ያለፈውን ሳይሆን የሚመጣውን፣ የዛሬውን ነው። ራሷ ሄዳ፣ ራሷ ለፍልፋ ጎትታ አመጣችው።

ቢንጠለጠልም ጨርቁ ገና ሙሉ በሙሉ አልላላም። ማጉ ጨምድዶ ስለያዛቸው ክሮቹ የሚለቀቁት አንድ በአንድ ነው፤ ሲለቀቁ ይሰማል። ጥቂት ደቂቃ አለው። ፊቱ ይኸው፣ እውነቱም ይኸው፤ ወጠር አድርጋ አንገቷን ዝቅ ማድረግ ብቻ ነው የሚጠበቅባት። ከኋላዋ የውጭው በር ተከፈተ፤ የእህቷ ጫማ ደረጃውን መውረድ ጀመረ። ሸማኔዋ ጎንበስ አለች። ጆሮዋ ጨርቁን ሊነካ ትንሽ ሲቀረው ቆመች። እሷ አለመሆኗን ከሰማሁ በኋላ ሄጄ ምን ልላት ነው? ማስረጃ አግኝቼ አመንኩሽ ልላት ነው? አፈረች። በዕድሜዋ እንዲህ ያለ እፍረት አፍራ አታውቅም።

መጠቅለያውን ከነጨርቁ ነቅላ ሮጠች።

እህቷን የደረጃው መታጠፊያ ላይ ደረሰችባት። «ቁሚ» አለቻት፤ ትንፋሿ ተቆራርጧል። መጠቅለያውን በአንድ እጇ ያዘች፤ የተቆረጡትን የድር ጫፎች በሌላው እጇ ላይ ጠቀለለቻቸው፤ ጨርቁን በሁለቱ መካከል ወጠረችው። «አንቺ ስሚው። እኔ አልሰማሁትም። ፊቱ በዚህ በኩል ነው። ቶሎ በይ።»

ታናሽየዋ አየቻት። ፊቷ ላይ ምን እንዳገኘች እንጃ፤ ቦርሳዋን አስቀምጣ ጆሮዋን አስጠጋች።

የሸማኔዋ ሁለት እጅ ተይዟል። የምታየው የእህቷን ፊት ብቻ ነው። መጀመሪያ ቁጣው እንዳለ ነበረ። ቀጥሎ ቅንድቧ ተሰበሰበ፤ ከንፈሯ እንደሚቆጥር ሰው ተንቀሳቀሰ። ከዚያ ዓይኗን ጨፈነች። የሸማኔዋ ክንድ ዛለ። ክሮቹ ከጣቶቿ መሃል እያመለጡ ነው፤ ጠበቅ አድርጋ ስትይዛቸው ቆዳዋን ቆረጧት። ታች ቁልፍ ቀራጩ ማሽኑን አጥፍቶ አንገቱን ብቅ አደረገ፤ ቀልድ ሊናገር ነበር መሰለኝ፣ የሁለቱን ሁኔታ አይቶ ዋጠውና ተመለሰ። ጨርቁ በአንድ ጊዜ ለዘዘ፤ እንደማንኛውም ቁራጭ ጨርቅ ወደ ታች ረገበ።

ታናሽየዋ ቀና ለማለት ጊዜ ወሰደባት።

«አባባ ናቸው» አለች።

ሸማኔዋ የላሉትን ክሮች ከእጇ ላይ ፈታች።

«ክር ይቆጥሩ ነበር። አርባ ሁለት ላይ ይጠፋባቸዋል፣ እንደገና ከአንድ ይጀምራሉ። አራቴ ጀመሩ። ዓይናቸው ደክሞ ነው መሰለኝ፣ ወይ እንጃ። ከዚያ አለቀሱ። አባባ ሲያለቅሱ ሰምቼ አላውቅም ነበር። መቀሱ ሁለት ጊዜ ከእጃቸው ወደቀ።» በመዳፏ ፊቷን ጠረገች። «ቆረጡት፤ ከዚያ ጓዳ ገብተው ተኙ።»

ጨርቁ በሸማኔዋ እጅ ላይ ተንጠልጥሏል፤ ከእንግዲህ ምንም አይናገርም። እህቷ የነገረቻት እውነት ይሁን፣ ለሁለታችንም ይሻላል ብላ እዚሁ ደረጃ ላይ የፈጠረችው ይሁን፣ የሚመሰክር ግድግዳም ክርም የለም። ያላት የእህቷ ቃል ብቻ ነው። «በምን አውቃለሁ?» የሚለው ጥያቄ ከሆዷ ተነስቶ ጥርሷ ድረስ መጣ።

«እሺ» አለች። «እሺ፣ እህቴ።»

የደማ እጇን ቀሚሷ ላይ ጠርጋ የእህቷን ቦርሳ አነሳች፤ ፊት ፊት ደረጃውን ወጣች። ሦስት ደረጃ ወጥታ ከኋላዋ ኮቴ አልሰማ ስትል ቆመች። አልዞረችም፣ አልጠራችም። ቦርሳውን እንደያዘች፣ የእህቷ እግር ከመታጠፊያው እስኪነሳ ድረስ ንቅንቅ ሳትል ጠበቀች።